ዝም ይነቅዛል

ጅማ ላይ ለመሥሪያ ቤት ሠራተኞች ያደረግሁት ንግግር፤ ለንባብ እንዲመች ትንሽ ተነካክቷል።

ደህና አደራችሁ።

ፕሮግራሙ ላይ "4፡00 የሻይ ዕረፍት" የሚል አየሁ። ጅማ ቁጭ ብለን፣ በአራቱም አቅጣጫ ቡና ከቦን፣ አሁንም "የሻይ ዕረፍት" ነው የምንለው። ምናልባት ፕሮግራሙን የጻፈው ሰው ካምናው ላይ ገልብጦት ይሆናል። አልፈርድበትም። የዛሬው ወሬዬም የሚጀምረው ካምናው ላይ ከተገለበጠ ወረቀት ነው።

የተሰጠኝ ርዕስ "በሥራ ክፍሎች መካከል የመረጃ ልውውጥን ስለማሻሻል" ይላል። ርዕሱ ብቻውን እንቅልፍ ያመጣል። ስለዚህ በራሴ ጥፋት ልጀምር።

ከዓመታት በፊት እዚሁ ከተማ ውስጥ፣ ስሙን በማልጠራው መሥሪያ ቤት፣ የግምጃ ቤት ሠራተኛ ነበርኩ። ወሩ ሰኔ ነው። ሰኔን ታውቁታላችሁ። ሰኔ 30 በጀት ይዘጋል፤ ሥራ ላይ ያልዋለ ብር ተመላሽ ይሆናል። ግዢ ክፍል እንደ ንብ ቀፎ ነው። አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ሃያ አራት ካርቶን ቶነር መጣ። አየሁት። ዞር ብዬ መደርደሪያዬን አየሁ። ያው ዓይነት ቶነር አሥራ አንድ ካርቶን ተቀምጧል፤ አቧራ ለብሷል። አቧራ የለበሰው በምክንያት ነው። ቶነሩ የሚገባባቸው ፕሪንተሮች ከተወገዱ ስምንት ወር አልፏቸዋል።

ፕሪንተሮቹ መወገዳቸውን የአይቲው ልጅ ያውቃል፤ ነቅሎ ያወጣቸው እሱ ነው። መደርደሪያው መሙላቱን እኔ አውቃለሁ። ብሩ ለሌላ ነገር እንደሚፈለግ ሒሳብ ክፍል ያውቃል። ግዢ ክፍል የሚያውቀው የመጣለትን ጥያቄ ብቻ ነው፤ ጥያቄውን የሞላው ሰው ደግሞ ካምናው ቅጽ ላይ ነው የገለበጠው። አራታችንም አንድ ኮሪደር ላይ ነን። ከእኔ በር እስከ አይቲው በር ሃያ እርምጃ አይሞላም። ምሳ እንኳ አብረን ነው የምንበላው።

እኔ ምን አደረግሁ? ቆጠርኩ። ሃያ አራት፣ ልክ ነው። የዕቃ ገቢ ደረሰኙን፣ ሞዴል 19ን፣ ቆረጥኩ። ፈረምኩ።

ኅዳር ላይ ኦዲተር መጣ። ሠላሳ አምስት ካርቶን የማያገለግል ቶነር አገኘ። ስብሰባ ተጠራ። ከጠረጴዛው ጫፍ እስከ ጫፍ የተባለው አንድ ቃል ነው፦ "አልተነገረኝም።" ግዢ አልተነገረውም። ሒሳብ አልተነገረውም። አይቲው አልተጠየቀም። "አልነገርኩም" ያለ ግን አንድም ሰው አልነበረም። እኔን ጨምሮ።

ፈረንጆቹ ለዚህ በሽታ "ሳይሎ" የሚል ስም አላቸው። የእህል ማከማቻ ማለት ነው፤ የኛው ጎተራ። ቃሉን ወደ መሥሪያ ቤት ያመጣው ፊል ኤንሶር የሚባል ሰው ነው፤ ጉድዪር የጎማ ኩባንያ ውስጥ የሠራ። ጊዜው በፈረንጆቹ 1988 ነው። ነገሩ ቀላል ነው። እያንዳንዱ ክፍል ወደ ላይ፣ ወደ አለቃው፣ ያወራል። ወደ ጎን ግን ግድግዳ ነው።

ስሙን እወደዋለሁ። ገጠር ያደጋችሁ ጎተራን ታውቁታላችሁ። በእንጨት ይታጠራል፣ በጭቃና በእበት ይመረጋል፣ ከመሬት ከፍ ብሎ ይቆማል። አይጥ እንዳይገባው፣ ዝናብ እንዳይነካው ነው። ግድግዳው ክፉ አይደለም። መሥሪያ ቤትም ውስጥ ግድግዳ የሚያስፈልገው ነገር አለ። የበሽተኛ ካርድ ኮሪደር ላይ አይነበብም። የጨረታ ዋጋ ፖስታው ሳይከፈት አይወራም። ስለዚህ "ግድግዳውን ሁሉ እናፍርስ" የሚል አሠልጣኝ ሲመጣ እኔ አላጨበጭብም። ግን ጎተራ ሁሉ እህሉ የሚወጣበት አፍ አለው። አፍ የሌለው ጎተራ ውስጥ ያለ እህል ለባለቤቱም አይሆን። የነቀዝ ነው።

አባቶቻችን "ዝም አይነቅዝም" ይላሉ። ከዚህ ተረት ጋር ከተጣላሁ ቆይቻለሁ። ለቤት፣ ለጎረቤት፣ ለሸንጎ ጥሩ ምክር ሊሆን ይችላል። መሥሪያ ቤት ውስጥ ግን ዝም ይነቅዛል። ሠላሳ አምስት ካርቶን ሆኖ አይቼዋለሁ።

አሁን ዋናው ጥያቄ። ለምን ዝም አልኩ?

እውነቱን ልንገራችሁ። "ይሄ እኮ አለን" የሚለው አፌ ላይ ደርሶ ነበር። ከዚያ ሒሳብ መታሁ። ብናገር የግዢ ኮሚቴው "አንተን ምን አገባህ?" ይለኛል። አንዱ "ከሌላ አቅራቢ ጋር ተነጋግሮ ነው" ብሎ ያስወራብኛል። ዕቃው ቢመለስ ብሩ ተመላሽ ይሆናልና ክፍሉ በሙሉ ይጠምደኛል። ዝም ብልስ? ምንም። የእኔ ሥራ የመጣውን ቆጥሮ መቀበል ነው። ወረቀቴ ንጹሕ ነው።

ብዙ ጊዜ ስለዚህ ጉዳይ ስናወራ "የአመለካከት ችግር" እንላለን። ግምገማ ላይ የማይጠፋ ቃል ነው። እኔ አልስማማም። ሰው መረጃ ይዞ የሚቀመጠው ክፉ ስለሆነ አይደለም። መናገር ስለሚያስጠይቀው፣ አለመናገር ግን ስለማያስጠይቀው ነው። ዋጋው እንዲህ ተተምኖ ሳለ ስለ ቅንነት ብንሰብክ ሰሚ አናገኝም።

ሌላ ልጨምር። የዚያው መሥሪያ ቤት መዝገብ ቤት ጣሪያው ያፈሳል። የጅማን ክረምት እናንተ ናችሁ የምታውቁት፤ እኔ ልነግራችሁ አልችልም። ማንም ግን ማፍሰሱን አላወቀም። የሚያውቁት የጽዳት ሠራተኛችን እትዬ ብቻ ናቸው። ማታ ሁሉም ሲወጣ ሰማያዊ ባልዲ ከመደርደሪያዎቹ መሃል ያስቀምጣሉ። ጠዋት ሠራተኛ ሳይገባ ይደፉታል። ወለሉን ይወለውላሉ። ሁለት ክረምት ሙሉ። አንድ ነሐሴ ላይ ዘመድ ሞቶባቸው ለቅሶ ሄዱ። አራት ቀን ቆዩ። ሲመለሱ መዝገብ ቤቱ በር ላይ ፋይል ፀሐይ ላይ ተሰጥቶ አገኙ። እንደ ቡና።

ለምን አልነገሩም? ጠየቅኋቸው። "ልጄ፣ ለማን?" አሉኝ።

መልስ አልነበረኝም። ለእኔ? እኔ ግምጃ ቤት ነኝ። ለመዝገብ ቤቱ? እሱ "ለጥገና ንገሩ" ይላል። ጥገና ክፍል "በደብዳቤ ይምጣ" ይላል። እትዬ ደብዳቤ አይጽፉም። ከደብዳቤ ባልዲ ይቀላል።

ወደ ሰፈር ስንመለስ ደግሞ ያው እኛው ሌላ ሰዎች ነን። ጎረቤት ሌሊት ቢሞት ሳይነጋ የዕድሩ ለፋፊ ይዞራል። ጠዋት ድንኳን ተተክሏል፣ ወንበር ወጥቷል፣ ብረት ድስት ተጥዷል። የዕድር ዳኛ ማኔጅመንት አልተማረም። ለምን ይሠራል? መንገዱ የታወቀ ነው፤ ማን ለማን እንደሚነግር፣ ለፋፊው በየት በኩል እንደሚዞር። ደግሞም መቀጫ አለ። የቀረ ይቀጣል። ለፋፊው ሳይዞር ከቀረም ተጠያቂ ነው። አለመናገር ዋጋ ያስከፍላል ማለት ነው። አፋሮች ዳጉ የሚሉት አላቸው። ሁለት ሰው መንገድ ላይ ሲገናኝ ቁጭ ብሎ ያየውንና የሰማውን ይለዋወጣል፤ ስለ ግጦሹ፣ ስለ ውሃው፣ ስለ ጸጥታው። ይህም ቢሆን ውዴታ አይደለም፤ ግዴታ ነው። እኛ ይህን ሁሉ ከቢሮው በር ውጭ ትተን እንገባለን።

መናገር ብቻውን ግን አይበቃም። በአንድ ቋንቋ መናገር አለ። ኦሮምኛና አማርኛ ማለቴ አይደለም፤ ያንንማ ጅማ ላይ በአንድ ዓረፍተ ነገር ውስጥ ቀላቅለን እንግባባለን። የመለኪያ ነገር ነው።

በፈረንጆቹ 1999 የአሜሪካው ናሳ ማርስ ላይ የላከው መንኮራኩር ጠፋ። ማርስ ክላይሜት ኦርቢተር ይባላል። የሠራው ሎክሂድ ማርቲን የሚባል ኩባንያ የግፊቱን ስሌት በፓውንድ አስልቶ ይልካል። ናሳ ዘንድ ያሉት መሪዎች በኒውተን የመጣ መስሏቸው ይቀበላሉ። አንዱ ከሌላው አራት እጥፍ ተኩል ገደማ ይለያል። መንኮራኩሩ ወደ ማርስ ከሚገባው በላይ ተጠግቶ ጠፋ። የ125 ሚሊዮን ዶላር ዕቃ ነው። የሚያሳዝነኝ ሌላ ነው። በጉዞው ላይ ነገሩ ልክ እንዳልሆነ የጠረጠሩ ነበሩ። ጥርጣሬያቸው በወጉ ተይዞ እልባት ሳያገኝ ቀረ። የእትዬን ባልዲ ያስታውሰኛል።

ማርስ ሩቅ ነው ካላችሁ ቡና ላምጣ። ስልክ ይደወላል። "መቶ ኩንታል አለ?" "አለ።" ስልኩ ይዘጋል። መቶ ኩንታል ምን? ጀንፈል ነው፣ ከነቅርፊቱ የደረቀው፣ ወይስ የተቀሸረ? ጀንፈሉ ሲቀሸር ወደ ግማሽ ይወርዳል። አንዱ መቶ ብሎ መኪና ይልካል፤ ሌላው መቶ ብሎ ሃምሳ ይጭናል። ሁለቱም አልዋሹም። በፈረሱላ የሚቆጥር ነጋዴ ከገባበትማ፣ አንድ ፈረሱላ 17 ኪሎ ነውና፣ ሦስተኛ ሒሳብ መጣ። ሰዓት እንኳ አለ። ከውጭ ድርጅት ጋር ስትሠሩ "2፡00" ብላችሁ ጻፉና ማን ጠዋት፣ ማን ከሰዓት እንደሚመጣ እዩ። እኔ አንድ ጊዜ እንግዳ ተቀባይ ሆኜ ስድስት ሰዓት ሙሉ ከበር ቆሜአለሁ።

አሁን ደግሞ የምንኮራበትን ልንገራችሁ። እዚሁ አጠገባችን መልኮ የጅማ ግብርና ምርምር ማዕከል አለ። በፈረንጆቹ 1971 የቡና ፍሬ በሽታ፣ ሲቢዲ የሚባለው፣ አገራችን ገባ። ፍሬውን እንጨቱ ላይ እያለ ያጠቁረዋል። ተመራማሪዎቹ መፍትሔውን ላብራቶሪ ዘግተው ብቻ አልጠበቁም። ወጡ። በሽታው በበረታበት አካባቢ እየዞሩ፣ ጎረቤቱ ሁሉ ሲጠቁር እሱ ብቻ ደህና ፍሬ የያዘውን ዛፍ ፈለጉ። ከነዚያ እናት ዛፎች ነው 74110፣ 74112 የሚባሉት ዝርያዎች የወጡት። 74 ማለት የተመረጡበት ዓመት ነው፤ 1974። ዛሬ ባሕር ማዶ ያሉ ቡና ቆዪዎች እነዚህን ቁጥሮች ከረጢታቸው ላይ ያትማሉ። መረጃው ጓሮ ውስጥ ቆሞ ነበር። ሄዶ የሚያየው ሰው ነው የፈለገው።

ሄዶ ማየት ከባድ ይመስላል፤ ሃያ እርምጃ ነው። ቶማስ አለን የሚባል የአሜሪካው ኤም.አይ.ቲ. ዩኒቨርሲቲ ምሁር በፈረንጆቹ 1970ዎቹ መሐንዲሶች ምን ያህል እንደሚነጋገሩ ከጠረጴዛቸው ርቀት ጋር አነጻጽሮ ነበር። ርቀቱ ሃምሳ ሜትር አካባቢ ሲደርስ ንግግሩ ከመቅረት አይሻልም። ሃምሳ ሜትር! እኛ ፎቅ ስንለያይ አገር የተለያየን ያህል ነው። ለዚህ ነው ቡና የሚፈላበትን ቦታ ከአለቃው ቢሮ አጠገብ አታድርጉ የምለው። መሃል ላይ ይሁን። ሒሳብና ግዢ ሲኒ ይዘው ይጋጩ።

"ለዚህማ ቴሌግራም አለን" የሚል ይኖራል። አዎ አለን። እኔ ስልክ ላይ የመሥሪያ ቤት ግሩፕ ብቻ ዘጠኝ ነው። ጠዋት ስከፍተው አበባ ነው። እንኳን አደረሳችሁ፣ መልካም ሰኞ፣ አሜን፣ አሜን፣ አሜን። ከአርባ አሜን በታች አንድ ሰው አጣሞ ያነሳው የደብዳቤ ፎቶ አለ። "የውሃ መስመር ነገ ይቆረጣል" ይላል። ነገ ብሎ የተጻፈው ትናንት ነው። ላኪው ተናግሯል። ማንም አልሰማም። መላክ ሌላ፣ መንገር ሌላ። አንድ ግሩፕ ለሰላምታ፣ አንድ ግሩፕ ለሥራ ብቻ ይሁን። የሥራው ላይ አበባ የለጠፈ ዕድር ቤት እንዳለው መቀጫ ይክፈል፤ ለቡና ይሆናል።

ደብዳቤ ላይ ደግሞ ግልባጭ የሚባለውን እዩት። ለማን ነው የምንገለብጠው? ለክብር። ለዋና ሥራ አስኪያጅ ጽሕፈት ቤት፣ ለምክትል፣ ለዕቅድ። ሥራውን የሚሠራው ሰው ስም የለም። እኔ ደብዳቤ ከመፈረሜ በፊት ራሴን የምጠይቀው ጥያቄ አለ፦ ነገ ይህን በድንገት ሰምቶ የሚደነግጠው ማን ነው? ግልባጩ ለእሱ ነው። ዘበኛውም ቢሆን።

ታዲያ ምን ሠራችሁ ትሉኛላችሁ። ከቶነሩና ከጣሪያው በኋላ አዲስ ኃላፊ መጣ። እሱ የጀመረው ነገር አንድ ነው። ሰኞ ጠዋት ሁለት ሰዓት ተኩል፣ ኮሪደሩ ላይ፣ ቆመን፣ አሥራ አምስት ደቂቃ። ወንበር የለም። ወንበር ካለ ስብሰባ ነው፤ ስብሰባ ከሆነ አበል ይጠየቃል።

ብዙ አትጎምጁ፤ መጀመሪያ ከሸፈ። "ምን አዲስ ነገር አለ?" ሲል ሁሉም "ሰላም ነው፣ ምንም የለም" አለ። ሦስት ሳምንት ሙሉ ሰላም ነው። ከዚያ ሰውዬው ጥያቄውን ቀየረው። "የማንን ሥራ እየጠበቃችሁ ነው?" አለ። ጉድ ፈላ! ሁሉም የሚጠብቀው ነገር ነበረው። ሒሳብ የእኔን የወጪ ወረቀት ይጠብቃል፤ እኔ የአይቲውን ርክክብ፤ አይቲው የግዢን መልስ። ሁለተኛው ለውጥ ተራው ነው። አለቃው የሚናገረው መጨረሻ ላይ ነው። መጀመሪያ ከተናገረማ ሌሎቻችን "እንደተባለው ነው" ብለን እናልፋለን።

ይህ የጨዋታ ነገር አይደለም። የዓለም ጤና ድርጅት በፈረንጆቹ 2008 ለቀዶ ሕክምና የሚሆን የማመሳከሪያ ዝርዝር አወጣ። ቢላዋ ከመነሳቱ በፊት በክፍሉ ያለ ሁሉ፣ ነርሷም ማደንዘዣ ሰጪውም ሐኪሙም፣ ስሙንና ሥራውን ጮክ ብሎ ይናገራል። ከዚያ ማን፣ የቱ ጎን፣ ምን እንደሚሠጋ ይነጋገራሉ። በስምንት ከተሞች ሞከሩት፤ ከመካከላቸው የታንዛኒያዋ ኢፋካራ አለች። ከቀዶ ሕክምና በኋላ የሚሞተው ከመቶ 1.5 ወደ 0.8 ወረደ። ሐኪሞቹ አዲስ መድኃኒት አላገኙም። መነጋገር ጀመሩ እንጂ። አንዴ ስሙን ጮክ ብሎ የተናገረ ሰው በኋላ "ዶክተር፣ ይቆዩኝማ" ለማለት ጉሮሮው ተከፍቷል።

የኛ ሰኞ የተፈተነችው በአምስተኛው ሳምንት ነው። የሒሳብ ክፍሏ ልጅ ድምጿ እየተንቀጠቀጠ "ያለፈው ወር የትርፍ ሰዓት ክፍያ ላይ ተሳስቻለሁ፤ ለሦስት ሰው አብዝቼ ከፍያለሁ" አለች። ኮሪደሩ ጸጥ አለ። ሁላችንም ያየነው ልጅቷን አይደለም፤ አለቃውን ነው። ሰውዬው "ዛሬ ስለነገርሽን አመሰግናለሁ፤ ከሰዓት በኋላ ቁጭ ብለን እናስተካክለዋለን" አለና ወደሚቀጥለው አለፈ። ያኔ ቢቆጣ ኖሮ ሰኞ እዚያው ሞታ ትቀበር ነበር። የመናገር ዋጋ የወደቀው በዚያች ደቂቃ ነው።

ከታዳሚው አንድ ወንድም እጁን አውጥቶ "የኔ አለቃ ይቆጣል፤ ምን ላድርግ?" አለኝ። ጥሩ ጥያቄ ነው፤ ሁላችሁም ሳቃችሁ፣ ግን ሁላችሁም መልሱን ጠበቃችሁ። እኔ ጀግና ሁን አልልህም። የልጆች አባት ነህ። ወደ ላይ መናገር ካቃተህ ወደ ጎን ጀምር። አጠገብህ ካለው ክፍል አንድ ሰው ያዝ። በሳምንት አንድ ሲኒ። "የኔን ምን እየጠበቅህ ነው?" በለው። ለዚህ የማንም ፊርማ አያስፈልግም። የአይቲውን ልጅ ያኔ እንዲህ ብዬ ጠይቄው ቢሆን ቶነሩን ከመምጣቱ በፊት እናስቀረው ነበር።

እትዬም ሰኞ ሰኞ ኮሪደሩ ላይ ይቆማሉ። መጀመሪያ እሳቸው እንዲናገሩ ተወሰነ። ብዙ ጊዜ "እኔ ምን አለኝ ልጆቼ" ነው የሚሉት። አንድ ሰኞ ግን ነጠላቸውን አስተካክለው "የመዝገብ ቤቱ ትርፍ ቁልፍ እኔ ጋ ነው፤ የሚፈልግ ካለ" አሉ።

ግዢ ክፍል ጣሪያ ጣሪያውን ያይ ጀመር። አዲሱ የቁልፍ ጋን አርብ ዕለት ተገዝቷል። ሞዴል 19ኙን የቆረጥኩት እኔ ነኝ።